የጄኔራሎቹ ሞክሼዎች

ጁን 10 ቀን 2025 ፕሬዚዳንት ዶናልድ ትራምፕ በሰሜን ካሮላይና ፎርት ብራግ ለተሰበሰቡ ወታደሮች ባሰሙት ንግግር የሰባት የጦር ሰፈሮች የቀድሞ ስም ሊመለስ መሆኑን አበሰሩ። ፒኬት፣ ሁድ፣ ጎርደን፣ ራከር፣ ፖልክ፣ ኤ.ፒ. ሂል እያሉ ከቆጠሩ በኋላ መጨረሻ ላይ «ፎርት ሮበርት ኢ. ሊ» አሉ። የዚያኑ ዕለት የአሜሪካ ጦር ሠራዊት ያወጣው መግለጫ ግን ሌላ ሰው ጠራ። በቨርጂኒያ የሚገኘው ሰፈር ዳግም ፎርት ሊ የሚባለው ፊትዝ ሊ ለተባለ ተራ ወታደር መታሰቢያ ነው አለ። ሮበርት ኢ. ሊ በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ዘመን የኮንፌዴሬሽኑን፣ ማለትም የተገነጠሉትን የደቡብ ግዛቶች፣ ጦር የመራ ነጭ ጄኔራል ነው። ፊትዝ ሊ ደግሞ በ1898 ኩባ የዘመተ ጥቁር ፈረሰኛ። ፕሬዚዳንቱና ጦራቸው በአንድ ቀን፣ በአንድ ስም ሁለት ሰው ጠሩ። (እዚህ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የነገሩ መነሻ 1917 ነው። አሜሪካ አንደኛው የዓለም ጦርነት ውስጥ ስትገባ ያን ሁሉ ምልምል የምታሠለጥንበት በቂ ቦታ አልነበራትም። በጥቂት ወራት ውስጥ ከእርሻና ከጫካ መሬት እየተቆረሰ የእንጨት ከተሞች በቀሉ፤ ለእያንዳንዳቸውም ስም ማውጣት ግድ ሆነ። የተያዘው መመሪያ ብዙም የረቀቀ አልነበረም። ስሙ አጭር ይሁን፣ የአካባቢውንም ሰው አያስቀይም ተባለ። የሰሜን ልጆች የሚሠለጥኑበት በሰሜን ጄኔራል፣ የደቡብ ልጆች የሚሠለጥኑበት በደቡብ ጄኔራል ይጠራ። በዚህ ስሌት ኢሊኖይ ካምፕ ግራንትን፣ ኦሃዮ ካምፕ ሸርማንን፣ ሜሪላንድ ካምፕ ሚድን አገኙ። ለቨርጂኒያ ካምፕ ሊ፣ ለጆርጂያ ካምፕ ጎርደንና ካምፕ ቤኒንግ፣ ለሰሜን ካሮላይና ደግሞ መድፈኞች የሚሠለጥኑበት ካምፕ ብራግ ደረሳቸው።

ሁለተኛው ዙር በ1941 እና በ1942 መጣ። ሉዊዚያና ፖልክን፣ ቴክሳስ ሁድን፣ አላባማ ራከርን፣ ቨርጂኒያ ኤ.ፒ. ሂልንና ፒኬትን ጨመሩ። በአንደኛው ጦርነት ማግስት የተዘጋው ካምፕ ጎርደንም ኦገስታ ከተማ አጠገብ በአዲስ መልክ ተከፈተ። እንዲህ እያለ፣ የአሜሪካን መንግሥት በጦር መሣሪያ የተዋጉ ዘጠኝ ሰዎች በዚያው መንግሥት ጦር ሰፈሮች በር ላይ ስማቸው ተጽፎ ቀረ። በሌላ አገር ይህ ቢነገር ማን ያምናል? በዘመኑ ግን ብዙም አልገረመም። የደቡብ ፖለቲከኞች በዋሽንግተን ጉልበት ነበራቸው፤ መሬቱን የሚሰጡትም የደቡብ ከተሞች ናቸው። በእነዚያው ከተሞች የሚኖሩ፣ ከአያቶቻቸው ባርነት ገና አንድ ዕድሜ ያልራቁ ጥቁሮች ስለ ስሙ ምን እንደሚያስቡ የጠየቃቸው የለም።

ሰዎቹ በጦር ችሎታቸው ተመርጠው ይሆናል ብሎ የሚገምት አንባቢ ቢኖር ብራክስተን ብራግን ይመልከት። በሜክሲኮ ጦርነት፣ በ1847 ቡዌና ቪስታ ላይ በመድፍ ስሙን ያስጠራ መኮንን ነበር፤ ለመድፈኞች ካምፕ ስሙ የተፈለገውም ያለ ነገር አይደለም። በእርስ በርስ ጦርነቱ ግን ከበታቾቹ ጋር ሲናከስ የኖረ አዛዥ ነው። በሴፕቴምበር 1863 ቺካማውጋ ላይ ያገኘውን ትልቅ ድል ከሁለት ወር ገደማ በኋላ ሚሽነሪ ሪጅ ላይ አስነጠቀ። ጄኔራል ግራንት በማስታወሻው ስለ ብራግ የተረከው ቀልድ በጦሩ ውስጥ የታወቀ ነበር። ብራግ ወጣት መኮንን ሳለ በአንድ ሰፈር የሻምበል አዛዥም የንብረት ሹምም ሆኖ ይሠራል። እንደ አዛዥ ዕቃ ይሰጠኝ ብሎ ይጽፋል፤ እንደ ንብረት ሹም አይፈቀድም ብሎ ይመልሳል። አዛዡ መልሶ ይሟገታል፣ ሹሙ በእምቢታው ይጸናል። ክርክሩ ሳይቋጭ ሲቀር ጉዳዩን ለሰፈሩ አለቃ አቀረበ። አለቃውም ከሰው ሁሉ ተጣልተህ ስትጨርስ ከራስህ ጋር ጀመርክ ወይ ብሎ ጮኸ ይባላል።

ጆን ቤል ሁድም ከዚህ የተሻለ መጨረሻ አልነበረውም። ጌቲስበርግ ላይ ግራ ክንዱ ሽባ ሆነ፣ ቺካማውጋ ላይ ቀኝ እግሩ ተቆረጠ፤ እንዲያም ሆኖ በ1864 አንድ ሙሉ ጦር ተሰጠው። አትላንታን አጣ። ኖቬምበር 30 ቀን ፍራንክሊን ላይ ሠራዊቱን በገላጣ ሜዳ ወደ ምሽግ ነድቶ በአንድ ከሰዓት በኋላ ስድስት ሺህ ያህል ሰው ሞቶበትና ቆስሎበት ስድስት ጄኔራሎች ተገደሉበት። በሁለት ሳምንቱ ናሽቪል ላይ የተረፈውም ተበተነ። በዚያው ውጊያ አንድ ክንዱን ያጣ ኤድመንድ ራከር የሚባል ኮሎኔል ነበር፤ ከጦርነቱ በኋላ በርሚንግሃም ውስጥ ባለ ኢንዱስትሪ ሆኖ ሲከብር ሰው «ጄኔራል» ይለው ጀመር፣ የአላባማው ሰፈርም በስሙ ተጠራ። ጆርጅ ፒኬት ዌስት ፖይንትን በ1846 ሲጨርስ ከክፍሉ የመጨረሻው ነበር፤ ታሪክ የሚያስታውሰውም ጌቲስበርግ ላይ ከግማሽ በላይ ክፍለ ጦሩ ባለቀበት ጥቃት ነው። ሄንሪ ቤኒንግ ከወታደርነቱ በፊት የጆርጂያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ ነበር። በ1861 ቨርጂኒያ ድረስ ሄዶ ግዛቷ ካልተገነጠለች ባርነት መጥፋቱ ነው ብሎ የሰበከ ሰው ነው፤ በዚህ በኩል ቢያንስ ዓላማውን አልደበቀም።

ከዘጠኙ መካከል ለኢትዮጵያ አንባቢ ቀረብ የሚለው ሊዮኒዳስ ፖልክ ነው። ፖልክ የሉዊዚያና ኤጲስቆጶስ ነበር፤ ዌስት ፖይንት የተማረ ጳጳስ፣ ጦርነቱ ሲነሳ የጄኔራል ልብስ የለበሰ። ጁን 14 ቀን 1864 ጆርጂያ ውስጥ ፓይን ማውንቴን የሚባል ጉብታ ላይ ቆሞ ሲቃኝ የመድፍ ጥይት ገደለው። ኮሩን ለጊዜው የተረከበው ዊልያም ሎሪንግ ነው፤ ግራ ክንዱን በሜክሲኮ ጦርነት ያጣ ጄኔራል። ከደቡብ ሽንፈት በኋላ ለሎሪንግ ከግብፁ ኬዲቭ እስማኤል ዘንድ ጥሪ መጣለት፤ እስማኤል ከሰሜኑም ከደቡቡም የተዋጉ አሜሪካውያን መኮንኖችን በደመወዝ ይሰበስብ ነበርና። በማርች 1876 ሎሪንግ ጉራዕ ላይ የግብፅ ጦር አዛዥ የራቲብ ፓሻ የኤታ ማዦር ሹም ሆኖ ከአፄ ዮሐንስ 4ኛ ሠራዊት ጋር ተፋጠጠ። ከምሽግ ወጥተህ ግጠም ብሎ ራቲብን የጎተጎተው እሱ ነው የሚል ወቀሳ ዕድሜ ልኩን ተከትሎታል። የግብፅ ጦር ጉራዕ ላይ የገጠመውን ሽንፈት ለእኛ አንባቢዎች ማስታወስ አያሻም።

የሰፈሮቹ ስም ለብዙ አሥርት ዓመታት ሳይነካ ቆየ። በሜይ 2020 ጥቁሩ አሜሪካዊ ጆርጅ ፍሎይድ በፖሊስ ከተገደለ በኋላ ግን በየአደባባዩ የነበሩ የኮንፌዴሬሽን ሐውልቶች ሲፈርሱ ጥያቄው ወደ ጦሩም ዞረ። የአሜሪካ ምክር ቤት የኮንፌዴሬሽን መታሰቢያ የሆነ ስም ሁሉ ከጦሩ ንብረት እንዲነሳ የሚያዝ አንቀጽ በመከላከያ በጀት ሕግ ውስጥ አስገባ። ትራምፕ በዲሴምበር ሕጉን ውድቅ አደረጉት። ምክር ቤቱም ጃንዋሪ 1 ቀን 2021 በሁለት ሦስተኛ ድምፅ አጽንቶት ያለ ፊርማቸው ሕግ ሆነ። ጡረተኛዋ አድሚራል ሚሼል ሃዋርድ የመሩት ኮሚሽን ከሕዝብ የጎረፈለትን ከ34 ሺህ በላይ የስም ጥቆማ አበጥሮ ዘጠኝ አዲስ ስም አቀረበ፤ በ2023 ሁሉም ተለወጡ።

አዲሶቹ ስሞች ታስቦባቸው የተመረጡ ናቸው። የቴክሳሱ ሁድ በኮሪያና በቬትናም ለተዋጋው፣ የመጀመሪያው ላቲኖ ባለ አራት ኮከብ ጄኔራል ለሪቻርድ ካቫዞስ ተሰጠ። ራከር በቬትናም ቁስለኞችን በሄሊኮፕተር ሲያመላልስ ለነበረው ለማይክል ኖቮሴል ሆነ። ኤ.ፒ. ሂል የክብር ሜዳሊያ ለተሸለመችው ብቸኛ ሴት፣ ለሐኪሟ ለሜሪ ዎከር ሆነ። ብራግ ብቻ ሰው አልተገኘለትም ይመስል «ሊበርቲ» ተባለ፤ ይህ ስም ብዙ ወታደሮችን ደስ እንዳላሰኘ ማንም አይክድም።

ከሁሉም ልብ የሚነካው የቨርጂኒያው ነው። አርተር ግሬግ በ1950 ገና አዲስ ምክትል መቶ አለቃ ሆኖ ፎርት ሊ ሲደርስ የመኮንኖች ክበብ ለጥቁር ዝግ ነበር። ፕሬዚዳንት ትሩማን የዘር ልዩነት ከጦሩ ይነሳ ብለው ካዘዙ ሁለት ዓመት አልፏል፤ ትእዛዙ ግን ክበቡ በር ላይ አልደረሰም። ግሬግ በስንቅና ትጥቅ ሙያ እያደገ ሄዶ በ1981 በሌተና ጄኔራልነት ጡረታ ወጣ። በኤፕሪል 2023፣ በ94 ዓመቱ፣ ያው ሰፈር ፎርት ግሬግ-አዳምስ ሲባል በቦታው ነበር። አዳምስ የተባለችው ቻሪቲ አዳምስ ናት። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት 6888ኛውን የፖስታ ሻለቃ ይዛ አውሮፓ የተከማቸውን የወታደር ደብዳቤ ያደረሰች፣ ታሪኳም በ2024 ፊልም የሆነላት። ግሬግ በኦገስት 2024 አረፈ። በዓመቱ ስሙ ከበሩ ላይ ወረደ።

በ2025 የመጣው አስተዳደር የድሮዎቹን ስሞች መመለስ ፈለገ። እንቅፋቱ ሕጉ ነው፤ የኮንፌዴሬሽን ሰው መታሰቢያ ሊኖር አይችልም ይላል። ሕጉ ግን ብራግ የሚባል ቃል አይጻፍ አላለም። ስለዚህ የጦር ታሪክ ሠራተኞች ወደ መዝገብ ቤት ተመልሰው የጀግንነት ሽልማት ካገኙ ወታደሮች መካከል ተመሳሳይ የቤተሰብ ስም ያላቸውን መፈለግ ያዙ። ሞክሼ ተገኘ።

የመጀመሪያው በፌብሩዋሪ 10 ተገለጠ። የመከላከያ ሚኒስትሩ ፒት ሄግሴት ወደ ጀርመን እየበረሩ ሳለ አውሮፕላን ውስጥ በፈረሙት ወረቀት ፎርት ሊበርቲ ፎርት ብራግ ሆነ፤ አሁን ግን ለሮላንድ ብራግ። ሮላንድ የሜይን ግዛት ልጅ ነው፣ ኮንፌዴሬሽኑን ከልቧ የተዋጋች የሰሜን ግዛት። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ቤልጅየም ውስጥ የ17ኛው አየር ወለድ ክፍለ ጦር ተራ ወታደር ሆኖ በታላቁ የክረምት ውጊያ ተሰልፏል። የጀርመኖችን አምቡላንስ ቀምቶ የቆሰሉ ጓዶቹን ጭኖ በተኩስ መሃል ወደ ሆስፒታል ነድቷል። ከብራክስተን ጋር ቢነጻጸር የትኛው ብራግ ለታፔላ እንደሚበቃ ጥያቄ የለውም።

በማርች የቤኒንግ ተራ ሆነ። ፍሬድ ቤኒንግ በኦክቶበር 1918 ፈረንሳይ ውስጥ አዛዡ ሲሞትበትና የበላይ ሃምሳ አለቆቹ ሲወድቁ የተረፉትን ሃያ ሰዎች ይዞ የታዘዘበት ቦታ ያደረሰ አስር አለቃ ነው፤ በኋላም በነብራስካ የኔሊ ከተማ ከንቲባ ሆኗል። ከጁን በኋላ የተቀሩት ተከተሉ። ሁድ ማለት ሮበርት ሁድ ሆነ፤ በ1918 ቲዮኩር አጠገብ በጀግንነቱ የተሸለመ የመድፈኛ ሻምበል፣ በኋላ ኮሎኔል። ራከር ማለት ኤድዋርድ ራከር ሆነ፤ በዚያው ዓመት ፈረንሳይ ሰማይ ላይ በቁጥር ከሚበልጥ የጠላት አውሮፕላን ጋር የተፋለመ በራሪ። ፎርት ራከር የጦሩ የሄሊኮፕተር ትምህርት ቤት በመሆኑ ይህ እንኳ ግጥም ያለ ነው። ፖልክ ማለት ጄምስ ፖልክ ሆነ፤ ፊሊፒንስ ውስጥ የተወለደ፣ 3ኛውን የፈረሰኛ ግሩፕ በአውሮፓ የመራ፣ ኋላ በአውሮፓ የአሜሪካን ጦር በሙሉ ያዘዘ ጄኔራል። ቨርኖን ፒኬት በሁለተኛው ጦርነት ሁለት የመትረየስ ምሽግ በእጅ ቦምብ ደመሰሰ፣ ተማረከ፣ ምርኮኛ ከሚጓጓዝበት ባቡር አምልጦ ወደ ክፍሉ ተመለሰና በውጊያ ሞተ። የጌቲስበርጉ ፒኬት ዕድሜ ልኩን ጥፋቱን በሊ ላይ ሲያላክክ ኖሯል።

ጎርደን ደግሞ የሁላችንንም ዘመን ነካ። ሃምሳ አለቃ ጋሪ ጎርደን እንደ ሮላንድ ብራግ የሜይን ልጅ ነው። በኦክቶበር 1993 ሞቃዲሾ ላይ ሄሊኮፕተር ተመትቶ ሲወድቅ እሱና ጓዱ ራንዳል ሹጋርት ከበው የሚመጡትን ታጣቂዎች እያዩ፣ እንውረድና አብራሪውን እንጠብቅ ብለው ደጋግመው ለመኑ። ተፈቀደላቸው። ሁለቱም እዚያው ሞቱ፤ አብራሪው ተረፈ።

የኤ.ፒ. ሂል ጉዳይ ግን የመዝገብ ሠራተኞቹን ፈጠራ የፈተነ ነው። አምብሮዝ ፓዌል ሂል በደቡብ ጦር ውስጥ የታወቀ ጄኔራል፣ በኤፕሪል 2 ቀን 1865 ፒተርስበርግ ሲወድቅ የተገደለ። «ሂል» ብቻ ቢሆን ሞክሼ ቀላል ነው፤ ፊደሎቹስ? መልሱ አንድን ስም ለሦስት ሰው ማከፋፈል ሆነ። «ኤ» ለብሩስ አንደርሰን፣ «ፒ» ለሮበርት ፒን፣ «ሂል» ለኤድዋርድ ሂል። ሦስቱም የእርስ በርስ ጦርነቱ ሰዎች፣ ሦስቱም በሰሜን ጦር የተሰለፉ፣ ሦስቱም የክብር ሜዳሊያ የተሸለሙ። ብሩስ አንደርሰን ጥቁር ሆኖ በነጮች ክፍለ ሠራዊት ውስጥ ያገለገለ ወታደር ነው። በጃንዋሪ 1865 ፎርት ፊሸር ሲጠቃ በፈቃደኝነት ወደፊት ወጥቶ የምሽጉን የእንጨት አጥር ከቆረጡት አንዱ ነበር፤ ሜዳሊያውን ያገኘው ግን በ1914 ነው። ያን ምሽግ ከቅርብ ሆኖ ሳይረዳ እንዲወድቅ የተወው የደቡብ አዛዥ ማን ነበር ቢባል፣ ያው ብራክስተን ብራግ። ፒን ደግሞ በሴፕቴምበር 1864 ቻፊንስ ፋርም ላይ የሻምበሉ መኮንኖች በሙሉ ሲሞቱና ሲቆስሉ አመራሩን ተረክቦ የተዋጋ ጥቁር ሃምሳ አለቃ ነው፤ በኋላ ኦሃዮ ውስጥ ጠበቃ ሆኗል። ኤድዋርድ ሂል ከሚሺጋን የመጣ ነጭ መኮንን፣ ኮልድ ሃርበር ላይ የቆሰለ፣ መቃብሩም ከሰፈሩ ብዙ በማይርቀው ፍሬድሪክስበርግ። ኮልድ ሃርበር ላይ ከወዲያ በኩል ኤ.ፒ. ሂልም ነበር።

አሁን ወደ ሊ እንመለስ፤ እዚህ ሞክሼው ሁለት ሳይሆን ሦስት ነው። ሮበርት ኢ. ሊ ፊትዝሂው የሚባል የወንድም ልጅ ነበረው፤ የፈረሰኛ ጄኔራል፣ ወዳጁም ጠላቱም «ፊትዝ ሊ» የሚለው። ኤፕሪል 1 ቀን 1865 ዲንዊዲ በሚባለው የቨርጂኒያ ወረዳ፣ ፋይቭ ፎርክስ መንታ መንገድ ላይ የደቡብ ጦር የመጨረሻ የማምለጫ መስመሩን ሲከላከል፣ አዛዡ ፒኬትና የፈረሰኞቹ መሪ ፊትዝሂው ሊ ከጀርባ ወንዝ ዳር ተቀምጠው የተጠበሰ ዓሣ እየበሉ ነበር። መሄዳቸውን ለበታቾቻቸው በቅጡ አልተናገሩም። ውጊያው ሲፈነዳም አልሰሙም። ሲመለሱ መስመሩ ተሰብሯል። በማግስቱ ፒተርስበርግ ወደቀ፣ ሂል ተገደለ፣ በሳምንቱ ሮበርት ሊ አፖማቶክስ ላይ እጁን ሰጠ። በሁለት ቀን፣ በአንድ ወረዳ ዙሪያ፣ የሦስት የጦር ሰፈር ስም አብሮ ተሸነፈ ማለት ይቻላል።

በቀጣዩ ዓመት፣ በ1866፣ በዚያው በዲንዊዲ አንድ ጥቁር ሕፃን ተወለደ። ስሙ ፊትዝ ሊ። ልጁ አድጎ ጥቁሮች ብቻ ከሚያገለግሉባቸው የፈረሰኛ ክፍሎች በአንዱ፣ በ10ኛው ፈረሰኛ ተቀጠረ። የጄኔራሉ ፊትዝ ሊ ዕድልም አልከፋም፤ የቨርጂኒያ ገዥ ሆነ፣ ከዚያም በሃቫና የአሜሪካ ቆንስል ጄኔራል። በፌብሩዋሪ 1898 ሜይን የተባለችው የጦር መርከብ ሃቫና ወደብ ላይ ስትፈነዳ እዚያው ነበር። ከስፔን ጋር ጦርነት ሲታወጅ ዋሽንግተን የቀድሞ ጠላቷን የሜጀር ጄኔራል ማዕረግ አልብሳ አንድ ሙሉ ኮር ሰጠችው። ኮሩ ፍሎሪዳ ውስጥ ሲሠለጥን ጦርነቱ አለቀ።

ተራ ወታደሩ ፊትዝ ሊ ግን ኩባ ደረሰ። ጁን 30 ቀን 1898 ታያኮባ በምትባል የባሕር ዳርቻ የወረደ የኩባውያንና የአሜሪካውያን ቡድን በስፔን ተኩስ ተይዞ ቁስለኞቹን ጥሎ ወደ መርከብ ሸሸ። ቁስለኞቹን ለማምጣት ጀልባ አራት ጊዜ ተላከ፣ አራት ጊዜም ባዶ ተመለሰ። ለአምስተኛው ዴኒስ ቤል፣ ዊልያም ቶምፕኪንስ፣ ጆርጅ ዋንተንና ፊትዝ ሊ ከአንድ መቶ አለቃ ጋር በጨለማ ቀዝፈው ሄዱና ሰዎቹን ይዘው ተመለሱ። አራቱም የክብር ሜዳሊያ ተሸለሙ። ፊትዝ ሊ ሽልማቱ ሲደርሰው በቴክሳስ ፎርት ብሊስ ሆስፒታል ተኝቷል፤ ኩላሊቱ ታሟል፣ ዓይኑም እየጠፋ ነው። በ1899 ከጦሩ ተሰናብቶ በሴፕቴምበር ካንሳስ ውስጥ ሞተ፤ ሠላሳ ሦስት ዓመቱ ነበር።

ይህ ሰው መታሰቢያ አይገባውም የሚል የለም። ከመቶ ዓመት በላይ የተረሳ ጀግና ስሙ ተነሳ፤ ይህ በራሱ መልካም ነው። ነገር ግን ፊትዝ ሊ የተመረጠው ታያኮባ ላይ ስላደረገው ብቻ ቢሆን ኖሮ ቤል፣ ቶምፕኪንስና ዋንተን ምን አጎደሉ? አንድ ጀልባ ላይ ነበሩ። የጎደላቸው «ሊ» የሚል ስም ነው። ለአንድ ጥቁር ቦታ ለመስጠት ሁለት ጥቁሮች፣ ግሬግና አዳምስ፣ ተነሱ፤ በሩ ላይ የቀረው የጄኔራሉ የሮበርት ስም ድምፅ ነው።

በኢትዮጵያ ይህ ዘዴ አይሠራም። የአንድ ሰው ሁለተኛ ስም የአባቱ ስም ነው፤ አንድ ትውልድ ይሄድና ይቆማል፤ የጦር ሰፈርም በጀግናው በራሱ ስም እንጂ በአያት ቅድመ አያቱ አይጠራም። አሜሪካ ውስጥ ግን የቤተሰብ ስም ከሰውየው ተነጥሎ መቶና ሁለት መቶ ዓመት ይኖራል፤ ከዘመድ ወደ ባዕድ፣ ከነጭ ወደ ጥቁር ይሻገራል። ብዙ ጥቁር አሜሪካውያን የሚጠሩበት ስም አያቶቻቸውን በባርነት ከያዙ ቤተሰቦች የመጣ ነው። እንዲህ ያለ ስም ማን ያገኘዋል፣ ማንስ ያጣዋል?

ከሰሜን ጦር በኩል ሞክሼ ጠፍቶም አይደለም። ኤድዋርድ ብራግ የሚባል የዊስኮንሲን ጄኔራል በዚያው ጦርነት ለፌደራሉ መንግሥት ተዋግቷል። ጆርጅ ጎርደን የሚባል የማሳቹሴትስ ጄኔራልም ነበር። ሳሙኤል ፊሊፕስ ሊ ከሮበርት ጋር ከአንድ ግንድ የተቀዳ የቨርጂኒያ ሰው ሆኖ ከሰሜን ባሕር ኃይል አንድ የመርከብ ጓድ የመራ አድሚራል ነው። ሆኖም ከኤ.ፒ. ሂል በቀር በአንዱም ሰፈር ላይ የዚያ ጦርነት ሰው አልተመረጠም። ተተኪዎቹ ከ1898፣ ከ1918፣ ከ1944፣ ከ1993 ተለቀሙ፤ ማን ማንን ተዋጋ የሚለው ጥያቄ ጨርሶ እንዳይነሳ ሆነ።

በዚያ ጦርነት ሞክሼነት ሰው ያስማረከበት ጊዜም አለ። የደቡብ ፕሬዚዳንት ጄፈርሰን ዴቪስ ነበር፤ ከሰሜን ጄኔራሎችም አንዱ ጄፈርሰን ሲ. ዴቪስ ይባላል። ይህ ሁለተኛው በ1862 ሉዊቪል ከተማ አንድ ሆቴል ውስጥ የገዛ አለቃውን ጄኔራል ኔልሰንን በሽጉጥ ገድሎ ሳይቀጣ የቀረ ሰው ነው። ሴፕቴምበር 20 ቀን 1863 ቺካማውጋ ላይ፣ ቀኑ ሲመሽ፣ የሰሜኑ 21ኛ ኦሃዮ ሬጅመንት ወታደሮች ኮረብታ ላይ ሆነው ወደ እነሱ የሚመጣ ሰልፍ አዩ። በጭሱና በጨለማው ወዳጅ ይሁን ጠላት አልለይ አለ። አንዱ የማን ጦር ናችሁ ብሎ ተጣራ። የጄፍ ዴቪስ ጦር ነን የሚል መልስ መጣ። የኦሃዮ ልጆች የእኛው ዴቪስ ነው ብለው መሣሪያቸውን ዝቅ አደረጉ። የመጡት ከብራግ ሠራዊት 7ኛው የፍሎሪዳ ሬጅመንት ነበሩ፤ ጠጋ ብለው ጠብመንጃቸውን ደገኑባቸውና ማረኳቸው።